ጥብሱ ለምን ውኃ ያወጣል?

ሐዋሳ ውስጥ ጾም ባልሆነ እሑድ ከሐይቁ ዓሣ ሌላ ለምሳ የሚታሰበው የበሬ ጥብስ ነው። ግን በብዙ ቤት ጥብሱ ውኃ ያወጣና ቅቅል ይሆናል። ለምን?

ሥጋው ቡናማ የሚሆነውና ያ ሽታው የሚያውደው ሙቀቱ 140 ዲግሪ አካባቢ ሲደርስ ነው። ሐዋሳ ከባሕር ወለል በላይ 1,700 ሜትር ገደማ ላይ ስለምትገኝ ውኃ እዚህ የሚፈላው በ94 ዲግሪ ግድም ነው። መጥበሻው ውስጥ ውኃ ካለ ሥጋው ከዚያ በላይ አይግልም፤ ይቀቀላል እንጂ አይጠበስም።

ስለዚህ ሽንጥ ወይም ጭቅና ግዙ፤ ጅማቱን አንሱለት፤ በንጹሕ ጨርቅ አድርቁት። መጥበሻው በደንብ ሲግል ሥጋውን ሁለት ሦስት ቦታ ከፍላችሁ በየተራ ጥበሱ። አንድ ጎኑ እስኪቀላ አታማስሉት፤ ትዕግሥት የሚፈልገው እዚህ ላይ ነው። ሽንኩርቱ፣ ቃሪያው፣ የጥብስ ቅጠሉና ቅቤው ወደ መጨረሻ ይገባሉ። ጨው ደግሞ ጥብሱ ሊወጣ ሲል ይጨመራል።

ከጥብስ ጋር አዋዜና ሚጥሚጣ መቅረባቸው የታወቀ ነው። በሲዳማ ቤት ግን ዋሳ አለ፤ እንሰቱ ተፍቆ፣ ጉድጓድ ውስጥ ተብላልቶ፣ ተጨምቆና ተነፍቶ በምጣድ የሚጋገረው። ትንሽ ኮምጠጥ ስለሚል የሥጋውን ስብ ያቀለዋል፤ ለእኔ ከእንጀራም ይበልጥብኛል። እናንተም ሞክሩት፤ ዋሳውን ግን ቀድማችሁ ጋግሩ፣ ጥብስ ከቀዘቀዘ ጣዕም የለውም።