ፋጡማ ማለት ምን ማለት ነው?

(በድሬ ጠያራ ለጎልማሳ ተማሪዎች የተደረገ ንግግር)



ዛሬ የምንነጋገረው ስለ አንድ የሴት ልጅ ስም ነው። ስሙም ፋጡማ ነው። በዚህ ክፍል ውስጥ ብቻ አራት ፋጡማዎች አሉ። ወደ ሐረር በሚወስደው መንገድ ላይ ቆማችሁ በገበያ ቀን «ፋጡማ!» ብላችሁ ብትጣሩ ስንቷ ዞር እንደምትል እናንተው ታውቃላችሁ። ታዲያ ይህን ያህል የለመድነው ስም ከየት መጣ? ትርጉሙስ ምንድን ነው?

እኛ ዘማቾች ይህን ርእስ የመረጥነው ያለ ምክንያት አይደለም። በመጀመሪያው ቀን ስም ስንመዘግብ ብዙዎቹ እናቶች የራሳቸውን ስም አልነገሩንም። አንዷ «የአሊ ሚስት» አሉ። ሌላዋ በኦሮምኛ «ሃዻ መሐመድ» አሉን፤ የመሐመድ እናት ማለት ነው። የመዝገቡ ገጽ በባልና በልጅ ስም ሞላ። የልጅ እናት ተብሎ መጠራት ክብር ነው፤ እኛም ይህን አንነቅፍም። ነገር ግን እርሳስና ደብተር የሚሰጠው ለአሊ አይደለም። ፊደል የሚቆጥረውም መሐመድ አይደለም። ስለዚህ «የራስዎ ስም ማን ነው?» ብለን ደግመን ጠየቅን። ያን ጊዜ ነው ፋጡማዎቹ፣ አሚናዎቹና ከዲጃዎቹ አንድ በአንድ ብቅ ያሉት።

እንግዲህ ስሙን ሰሌዳ ላይ እንጻፈው። ፋ - ጡ - ማ። ሦስት ፊደል ብቻ ነው። ፋ ከፈ ቤት አራተኛው ነው። ጡ ከጠ ቤት ሁለተኛው ነው። ማ ደግሞ ከመ ቤት አራተኛው ነው። ሦስቱንም ፊደል ተምራችኋል።

ስሙ ዓረብኛ ነው። ዓረቦች «ፋጢማ» ይሉታል። የተገኘውም «ፈጠመ» ከሚለው ግስ ነው። ፈጠመ ማለት ጡት አስጣለ ማለት ነው። ስለዚህ ፋጢማ ማለት ልጇን ጡት ያስጣለች እናት ማለት ነው። የሃይማኖት ሊቃውንት ደግሞ ሌላ ትርጉም ይጨምሩበታል፤ ከእሳት የተለየች፣ የተጠበቀች ይላሉ።

አንዳንዶቻችሁ «ገና ጡት የምትጠባ ሕፃን እንዴት ጡት አስጣይ ትባላለች?» ብላችሁ ትጠይቁ ይሆናል። ጥያቄው ጥሩ ነው። እኛ ስናስበው ነገሩ ምርቃት ነው። በጥንት ዘመን ብዙ ሕፃናት ጡት ሳይጥሉ ይሞቱ ነበር። ጡት እስከ መጣል መድረስ ትልቅ ነገር ነበር። ስለዚህ ስሙ «አንቺም እደጊ፤ ውለጂ፤ የወለድሽውም ልጅ ጡት እስኪጥል ይኑርልሽ» እንደ ማለት ነው። በአንድ ቃል ውስጥ ሁለት ትውልድ ይመረቃል።

ስለ ጡት ካነሣን አይቀር አንድ ነገር እንጨምር። ቅዱስ ቁርኣን እናቶች ልጆቻቸውን ሁለት ዓመት ሙሉ እንዲያጠቡ ይናገራል። የዓለም ጤና ድርጅትም የሚመክረው ከዚህ ጋር ይስማማል። እስከ ስድስት ወር ሕፃኑ ከጡት በቀር ሌላ ነገር፣ ውሃም ቢሆን፣ አያስፈልገውም። ከስድስት ወር በኋላ ለስላሳ ምግብ ይጀመርለታል። ጡቱ ግን እስከ ሁለት ዓመትና ከዚያም በላይ ይቀጥላል። ልጁ ከጡት ወደ ምግብ ሲሸጋገር ብዙ ጊዜ ተቅማጥ የሚይዘው ውሃውና ዕቃው ንጹሕ ስላልሆነ ነው። ውሃውን አፍሉት፤ እጃችሁንም ታጠቡ።

አሁን ወደ ታሪኩ እንሂድ። ስሙ እንዲህ የተስፋፋው በአንዲት ሴት ምክንያት ነው። እርሷም የነቢዩ ሙሐመድ ልጅ ፋጢማ ናት። እናቷ ከዲጃ ነበሩ። ባሏ አሊ ነው፤ ልጆቿም ሐሰንና ሑሴን ናቸው። የሞተችው በፈረንጆች አቆጣጠር በ632 ዓ.ም.፣ አባቷ ካረፉ ከጥቂት ወራት በኋላ ነው።

ስለ እርሷ ከሚነገሩት ታሪኮች ሁሉ እኛን የማረከን የወፍጮው ነገር ነው። ፋጢማ የነቢይ ልጅ ብትሆንም እህል የምትፈጨው በገዛ እጇ ነበር። ድንጋዩ እጇን አቆሰለው። አንድ ቀን ምርኮኞች መጡ ሲባል ሰማችና ከእነርሱ አንድ አገልጋይ እንዲሰጧት ለመለመን ወደ አባቷ ቤት ሄደች። አባቷን ግን አላገኘቻቸውም። ማታ እርሳቸው ራሳቸው ወደ ቤቷ መጡ። አገልጋይ አልሰጧትም። «ከአገልጋይ የሚሻል ነገር ልንገራችሁ» ብለው ለእርሷና ለባሏ ከመተኛታቸው በፊት የሚሉትን ውዳሴ አስተማሯቸው። 33 ጊዜ ሱብሓነላህ፣ 33 ጊዜ አልሐምዱሊላህ፣ 34 ጊዜ አላሁ አክበር። ይህ እስከ ዛሬ የፋጢማ ተስቢሕ ይባላል። ወፍጮ ቤት ከመምጣቱ በፊት ሌሊት ተነሥታ ማሽላ በመጅ የፈጨች እናት ይህን ታሪክ ያለ አስተርጓሚ ትረዳዋለች።

ሌላው ታሪክ አገራችንን የሚነካ ነው። በ615 ዓ.ም. እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር የነቢዩ ተከታዮች ከመካ ስደት ወጥተው ወደ ሐበሻ ምድር መጡ። ከእነዚህም መካከል የፋጢማ እህት ሩቅያ ነበረች። ከባሏ ከኡስማን ጋር ነው የመጣችው። እንዲሁም አስማ የምትባል ሴት ከባሏ ከጃዕፈር ጋር መጥታ በአገራችን ብዙ ዓመት ተቀመጠች። ኋላ ወደ ዓረብ አገር ተመለሰች።

ፋጢማ በታመመች ጊዜ አንድ ነገር ያስጨንቃት ነበር። በዚያን ጊዜ የሴት ሬሳ በጨርቅ ብቻ ተሸፍኖ ሲወሰድ የአካሏ ቅርጽ ይታይ ነበር። ፋጢማ ይህን አልወደደችውም። አስማም «በሐበሻ አገር ያየሁትን ላሳይሽ?» አለቻት። ከዚያም እርጥብ የዘንባባ ዝንጣፊ አስመጥታ እንደ ቀስት አጎበጠችው። በላዩም ጨርቅ ጣለችበት። ፋጢማ ይህን ባየች ጊዜ ደስ አላት፤ እኔም ስሞት እንዲህ አድርጉልኝ አለች። እንዳለችውም ተደረገላት። የእስልምና ታሪክ ጸሐፊዎች በእስልምና እንዲህ ባለ ቃሬዛ የተሸኘች የመጀመሪያዋ ሴት እርሷ ናት ይላሉ። ዘዴው ከእኛ አገር የሄደ ነው። ይህን በመጽሐፍ ስናነብ ከተማሪዎቹ አንዷ እናት «አይ ሐበሻ! ለሬሳውም ያውቅበታል እኮ» ብለው አሳቁን።

ከዚህ በኋላ ስሙ በዓለም ላይ ተበተነ። በ909 ዓ.ም. በሰሜን አፍሪካ አንድ መንግሥት ተቋቋመ። ገዥዎቹ የፋጢማ ዘር ነን ስለሚሉ «ፋጢሚዎች» ተባሉ። እስከ 1171 ዓ.ም. ገዙ። የካይሮን ከተማ የቈረቈሩት እነርሱ ናቸው። በዚያም ታዋቂውን አል አዝሃርን ሠሩ። ፋጢማ «አል ዘህራ» የሚል ቅጽል ነበራት፤ የምታበራ ማለት ነው። አል አዝሃርም ስሙን ያገኘው ከዚሁ ነው ይባላል። በሐረር ዘህራ የምትባል ሴት ልጅ አታጡም። ይህም የዚያው የፋጢማ ስም ጥላ ነው። በአል አዝሃር ከእኛ አገርና ከአካባቢው ለሚሄዱ የእስልምና ተማሪዎች «የጀበርቲ» የሚባል ማደሪያና መማሪያ ክፍል ነበራቸው።

በሞሮኮ አገር ፌዝ በምትባል ከተማ ደግሞ ሌላ ፋጢማ እናገኛለን። ፋጢማ አል ፊህሪ ትባላለች። ታሪኳ እንደሚነግረን ከአባቷ ብዙ ሀብት ወረሰች። በገንዘቡም በ859 ዓ.ም. ቀረዊይን የተባለውን መስጊድ አሠራች። መስጊዱ ውሎ አድሮ ታላቅ የትምህርት ቤት ሆነ። ዛሬ ዩኒቨርሲቲ ነው። ሴት ተምራ ምን ልታደርግ ነው ለሚሉን ሰዎች ይህችን ፋጢማ እንጠቅስላቸዋለን።

ስሙ የሙስሊሞች ብቻም ሆኖ አልቀረም። በአውሮፓ ፖርቱጋል የሚባል አገር አለ። በዚያ ፋጢማ የምትባል ከተማ አለች። ስሙ የቀረው ሙስሊሞች ያን አገር ይገዙ ከነበሩበት ዘመን ነው ይባላል። በ1917 ዓ.ም. እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ሦስት እረኛ ልጆች በዚያ ቦታ ድንግል ማርያም ታየችን አሉ። ከዚያ ወዲህ ካቶሊኮች ከየአገሩ ወደዚያ ይሳለማሉ። ሴት ልጆቻቸውንም ፋጢማ ብለው ይጠራሉ። አንድ ስም በሁለት ሃይማኖት ቤት!

በጉዞው ላይ ስሙ መልኩን ለዋወጠ። ቱርኮች ፋትማ አሉት። በምዕራብ አፍሪካ ፋቱ እና ፋቱማታ ሆነ። ጎረቤቶቻችን ሶማሌዎች ፋዱማ ይላሉ። የሶማሌ ሴቶች ተሰብስበው «ሲታት» በሚሉት ዜማ እርሷንና ሌሎች ቀደምት እናቶችን ያወድሳሉ። ወሎዎች ሲያቆላምጡ ፋጤ ይላሉ። እኛ ዘንድ ፋጡማ ነው።

ዓረብኛ ከሰው ስም አልፎ ወደ ቦታ ስምም ገብቷል። ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፤ የራሳችሁን ወረዳ ተመልከቱ። ድሬ በኦሮምኛ ሜዳ ነው። ጠያራ አውሮፕላን ነው፤ ይህ ቃል ከዓረብኛ የመጣ ነው። ድሬ ጠያራ ማለት የአውሮፕላን ሜዳ ማለት ነው። አንዱ ቃል የኦሮሞ፣ አንዱ ቃል የዓረብ። በየቀኑ ስንጠራው ግን ማንም ልብ አይለውም።

የሴት ስም ሁሉ ከዓረብ የመጣ ነው ማለታችን ግን አይደለም። ጫልቱ ኦሮምኛ ነው፤ የምትበልጥ ማለት ነው። በሐረር ታሪክ ውስጥ ደግሞ ባቲ ድል ወምበራ የተባሉ ትልቅ ሴት አሉ። የኢማም ማሕፉዝ ልጅና የኢማም አሕመድ ኢብራሂም ባለቤት ነበሩ። ኢማሙ በ1543 ዓ.ም. እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ከሞቱ በኋላ ኑር ሙጃሂድን አገቡ። ኑር ማለት የሐረርን ግንብ ያሠሩት አሚር ናቸው። የሴትዮዋ ስም ሲፈታ ወንበሯ ድል ነው እንደ ማለት ይሆናል። ስለ እርሳቸው ሌላ ቀን በሰፊው እንነጋገራለን።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ እንመለስ። ትክክሉ ፋጢማ ነው ወይስ ፋጡማ? ሁለቱም ትክክል ነው። ነገር ግን አንዱን መርጦ መያዝ ያስፈልጋል። አንዲት ሴት በቀበሌ መታወቂያ ፋጡማ፣ በክትባት ካርድ ፋጢማ፣ በባንክ ደብተር ፋጥማ ተብላ ብትጻፍ ምን ይሆናል? ሰው አንድ ናት፤ በወረቀት ግን ሦስት ሴት ትሆናለች። ደህና ቀን እስካለ ድረስ ማንም አይጠይቃትም። ባሏ ሞቶ ውርስ ሲመጣ፣ መሬት ሲለካ፣ ልጇ ከውጭ ገንዘብ ሲልክላት ግን «ይህች አንቺ ነሽ? ማስረጃ አምጪ» ትባላለች። ያኔ ምስክር ፍለጋ ትንከራተታለች። ማንበብ የማትችል ከሆነች ደግሞ ስሕተቱ የት እንዳለ እንኳ አታውቅም።

በሐረሪ ክልል ነገሩ ትንሽ ይከብዳል። የክልሉ የሥራ ቋንቋ ሐረሪኛና ኦሮምኛ ነው፤ የፌዴራል መሥሪያ ቤት ወረቀት ደግሞ በአማርኛ ይመጣል። ኦሮምኛ በ1971 ዓ.ም. በተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ይጻፍ የነበረው በዚሁ በግዕዝ ፊደል ነበር። ከ1984 ዓ.ም. ወዲህ በቁቤ ነው የሚጻፈው። በቁቤ ጠ የሚጻፈው «ኤክስ» በሚባለው የመስቀለኛ ፊደል ነው። በእንግሊዝኛ ግን ያው ፋጡማ በ«ቲ» ይጻፋል። ወረቀቱ ሲበዛ ልዩነቱም ይበዛል። ስለዚህ ጸሐፊው ጽፎ ከመዝጋቱ በፊት «እስቲ አሳየኝ» በሉት። ጸሐፊ ቢቆጣም ይቆጣ።

በተለይ ለሕፃናት ጠንቀቅ በሉ። በአዋጅ ቁጥር 760/2004 መሠረት የሚወለድ ልጅ ሁሉ መመዝገብ አለበት። ምዝገባው የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ነው። ጊዜውም ከተወለደበት ቀን ጀምሮ 90 ቀን ነው። በእናንተ ልማድ ስም የሚወጣው በሰባተኛው ቀን ነው፤ ስለዚህ ጊዜ አያጥርም። ያ ወረቀት ኋላ ለትምህርት ቤት፣ ለመታወቂያ፣ ላለዕድሜዋ እንዳትዳርም ማስረጃ ይሆናታል። አንዲት የአሥራ አራት ዓመት ልጅ «አሥራ ስምንት ሞልቷታል» ሲሉባት የሚከራከርላት ያ ወረቀት ነው።

አንድ ነገር ቀርቷል። አራቱን ፋጡማዎቻችንን እንዴት እንለያቸው? በአባት ስም ነው። የሁለቱ አባት ስም አንድ ሆኖ ስለ ተገኘ የአያት ስም ጨመርንላቸው። የባል ስም አልጨመርንም። በአገራችን ሴት ብታገባም የአባቷን ስም አትለቅም፤ ባሏ ቢሞት ወይም ቢለያዩም ስሟ አይነካም። በእንግሊዝ አገር ብዙ ሴቶች ሲያገቡ የባላቸውን ስም ይወስዳሉ። እኛ የራሳችን ልማድ ለመዝገብም ይመቻል እንላለን።

ለሚቀጥለው ሳምንት እያንዳንዳችሁ ስማችሁን፣ የአባታችሁን ስምና የአያታችሁን ስም በደብተራችሁ ጽፋችሁ ኑ። ስማችሁን ማን እንዳወጣላችሁም ከሽማግሌ ጠይቁ። ቤት ውስጥ መታወቂያ ወይም የልጅ ካርድ ያላችሁ ይዛችሁ ኑ፤ በላዩ ላይ የተጻፈውን ስም ፊደል በፊደል አብረን እናነባለን።