እሪ የሚል ልጅ ሰሚ እንዲያገኝ
(ለመምህራንና ለአገር ሽማግሎች የተደረገ ንግግር)



በአዲስ አበባ ከተማ፥ በአራዳ፥ እሪ በከንቱ የሚባል ሰፈር አለ። ስሙ የወጣለት፥ ቀድሞ በዚያ ገደል የሚያልፈውን መንገደኛ ወንበዴ ሲገፈው፥ እሪ ቢል የሚደርስለት ስላልነበረ ነው እያሉ የቆዩ ሰዎች ያወራሉ። የዛሬው ወንበዴ ግን በመንገድ አይጠብቅም፤ ልጃችን በተኛበት ቤት በስልክ ይገባል። ስልኩም በገጠር ከደረሰ ቆይቷል።

አመጣጡ እንዲህ ነው። በቴሌግራም ወይም በፌስቡክ የእኩያ ልጅ ስም ለብሶ ይቀርባል፤ ያሞግሳል፤ የስልክ ካርድም ይልካል። ቀጥሎ ምስጢር ይጠይቃል፤ ኋላም ገላሽን የሚያሳይ ፎቶግራፍ ላኪ ይላታል። ከላከች በኋላ፥ ገንዘብ አምጪ፥ አለዚያ ለአባትሽ አሳያለሁ ይላል። ልብ በሉ፤ መሣሪያው ስልኩ አይደለም፤ ልጅቱ የእኛን ቁጣ መፍራትዋ ነው። ወንዶች ልጆችም በዚሁ ወጥመድ ይያዛሉ፤ ተዋረድን ብለውም ዝም ይላሉ።

ይህም ፍርሃት ከስልኩ በፊት የተዘራ ነው። የሴት ልጅ ሰውነት ከ8 እስከ 13፥ የወንድ ልጅ ከ9 እስከ 14 ዓመት ባለው ዕድሜ መለወጥ ይጀምራል። ስለ ወር አበባና ስለ ድምፅ መጎርነን ከእኛ ያልሰማ ልጅ፥ ነውር ነው ብለን የዘጋነውን ደጅ ኢንተርኔት ከፍቶ ይቆየዋል፤ በዚያ የሚያገኘውም ለገበያ የተሠራ ብልግና ነው። ትምህርቱ በየዕድሜው ይሁን። ለ7 ዓመት ሕፃን፥ የተሸፈነ አካሉን ማንም እንዳይነካውና ፎቶግራፍ እንዳያነሣው፥ ለማንም አትናገር የሚለውንም ሰው እንዳያምን መንገር ይበቃል። ለጎረመሰው ግን ስለ እርግዝናና ስለ አባለ ዘር በሽታ በግልጥ መናገር ይገባል። ዕውቀት ያባልጋል የሚሉ አሉ፤ ነገር ግን ዩኔስኮ በ2018 እ.ኤ.አ. ባወጣው መመሪያ፥ እንዲህ ያለው ትምህርት ልጆችን ወደ ግብረ ሥጋ እንደማያቻኩል በጥናት መታየቱን ገልጿል።

ሕግም አለ። በ2008 ዓ.ም. የወጣው የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958፥ ለአካለ መጠን ያልደረሰ ልጅን በብልግና መልእክት የሚያባብለውን ከ5 እስከ 10 ዓመት ጽኑ እስራት ይቀጣል። ስለዚህ የተላከው መልእክት ማስረጃ ነውና አይጥፋ፤ ለአስፈራሪው ገንዘብ አይሰጥ፤ ነገሩ ለፖሊስ ይነገር። ፎቶግራፉንም መምህር ለመምህር እየተቀባበለ አይመልከተው፤ ይህ ልጅቱን ሁለተኛ መግፈፍ ነው።

በ2016 ዓ.ም. በፒያሳ ብዙ ቤት ሲፈርስ፥ ልጁን በስሙ የሚጠሩ ጎረቤቶች በየሰፈሩ ተበተኑ። በመንደር ግን እንዲህ ያለው ጎረቤት ገና አለና እንጠቀምበት። እያንዳንዱ ትምህርት ቤት አንዲት ሴትና አንድ ወንድ መምህር ይምረጥ፤ ልጆቹም እነማን እንደ ሆኑ ይወቁ። ልጅ ሊናገር ሲመጣ የመጀመሪያው ቃል፥ «ለምን ላክሽ?» አይሁን፤ «መንገርሽ ደግ ነው፥ ተቀመጪ» ይሁን።