በፊልም የታወቀ፣ በስሙ ያልታወቀ ሰው
(በማኅበራችን ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



ዛሬ ከመዋጮና ከጥበቃ ጉዳይ ወጣ ብለን ስለ አንድ የፊልም ሰው ባጭሩ እንነግራችኋለን።

ሰውየው አላካሪያላክ ይባላል። የኢኑይት ሕዝብ ተወላጅ አዳኝ ሲሆን፣ ኑሮውም በካናዳ ሰሜን ኩቤክ፣ ዛሬ ኢኑክጁአክ በሚባለው ስፍራ ነበር። ሮበርት ፍላኸርቲ የተባለ አሜሪካዊ ቀድሞ ያነሳው ፊልም በ1916 እ.ኤ.አ. በሲጋራ እሳት ተቃጠለበት። በ1920 ተመልሶ ሄደና እንደገና ቀረጸ። «የሰሜኑ ናኑክ» የተባለው ድምፅ አልባ ፊልም በ1922 ወጣ።

እንግዲህ ፊልሙ የእውነት ኑሮ ነው ተባለ እንጂ ብዙው ትወና ነው። «ናኑክ» የሚለው ስም ለፊልሙ የወጣ ነው። ሚስቱ ሆና የምትታየውም ሚስቱ አይደለችም። ሸክላ ማጫወቻ አይቶ የማያውቅ መስሎ ሸክላውን በጥርሱ ይነክሳል፤ ነገሩን ግን ያውቀው ነበር። የበረዶው ጎጆም ብርሃን እንዲገባ ግማሹ ክፍት ሆኖ ነው የተሠራው። በጊዜው በጠመንጃ ያድኑ የነበሩት ሰዎች ለፊልሙ ሲባል በጦር ዋልረስ የተባለውን ግዙፍ የባሕር እንስሳ ገጠሙ። ያ እኮ ጨዋታ አይደለም! ከዚህም ሌላ ፊልሙ የሚታጠብበትን ውኃ በረዶ እየቆፈሩ ያመጡት እነሱው ናቸው።

አላካሪያላክ ፊልሙ ከወጣ ሁለት ዓመት ያህል ቆይቶ ሞተ። ለአደን ወጥቶ በረሃብ ሞተ ተብሎ በዓለም ተወራ። በኋላ ያጠኑት ግን በቤቱ፣ ምናልባትም በሳንባ ነቀርሳ ሳይሞት አልቀረም ይላሉ። ሞቱም ሳይቀር እንደ ፊልም ተተረከለት ማለት ነው። ፊልሙ በ1989 አሜሪካ ለትውልድ እንዲጠበቁ መጀመሪያ ከመረጠቻቸው 25 ፊልሞች አንዱ ሆነ። ታዲያ የሠራበትን ሰው እውነተኛ ስም ስንቱ ያውቃል?

ይህን ያነሳነው ያለ ምክንያት አይደለም። ዛሬ ካሜራ በየእጁ አለ፤ አዛውንቶቻችንንና ልጆቻችንን ለመቅረጽ የሚመጣም አይጠፋም። መቀረጹን አንቃወምም። ነገር ግን ከመቀረጻችን በፊት በማን ስም እንደምንቀርብ፣ ያልሆነውን ሁኑ የምንባል እንደሆነ፣ ሥራው ሲያልቅም እናየው እንደሆነ እንጠይቅ። የተቀረጸውንም ሰው ሙሉ ስም በማኅበሩ መዝገብ እንድታስመዘግቡ እናሳስባለን።



የማኅበሩ ጸሐፊ