የሚያሰጋው መሸሽ ሳይሆን መቅረብ ሲሆን
በካናዳ ፍርድ ቤቶች የማዋከብ ወንጀልና ዋስትና



ዋስትና ሲነሣ በብዙ ሰው ኅሊና ቀድሞ የሚታየው፣ ተከሳሹ ኰብልሎ ከፍርድ እንዳያመልጥ የሚያዝ ገንዘብ ወይም የሚጠራ ዋስ ነው። በማዋከብ ወንጀል ግን ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። እንዲህ ያለው ተከሳሽ ብዙውን ጊዜ የሚያሰጋው ርቆ በመሄዱ ሳይሆን ቀርቦ በመገኘቱ ነው። የዚህ ንግግር ዐላማ የካናዳ ፍርድ ቤቶች ይህን ሥጋት በምን ሚዛን እንደሚመዝኑት ማስረዳት ነው።

ማዋከብ ራሱን የቻለ ወንጀል ሆኖ በካናዳ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ በአንቀጽ 264 የገባው እ.ኤ.አ. በ1993 ነው። አንድን ሰው እግር በእግር መከታተል፣ ደጋግሞ መልእክት መላክ፣ ቤቱን ወይም የሥራ ቦታውን እየጠበቁ መቆም፣ ማስፈራራት፤ እነዚህ ድርጊቶች ሰውዬውን በቂ ምክንያት ባለው ፍርሃት ላይ ሲጥሉት ያስቀጣሉ። አንድ የስልክ ጥሪ ወይም በመንገድ ዳር መቆም ለብቻው ሲታይ ኢምንት ይመስላል፤ ጉዳቱ የሚገለጸው ሲደማመር ነው።

በሌላ በኩል የተያዘው ሰው ገና አልተፈረደበትም። እ.ኤ.አ. በ1982 የወጣው የመብቶችና የነጻነቶች ቻርተር፣ ማንም ተከሳሽ ያለ በቂ ምክንያት ተገቢ ዋስትና እንዳይነፈግ ይደነግጋል። ስለሆነም ዳኛው ጥፋተኛነትን ሳይወስን፣ የአንዱን ነጻነትና የሌላውን ደኅንነት በአንድነት መጠበቅ ይኖርበታል።

ተከሳሽን በእስር ለማቆየት ሕጉ ሦስት ምክንያቶችን ያውቃል። እነዚህም በቀጠሮው ቀን መቅረቡን ማረጋገጥ፣ የሕዝብን በተለይም የግል ተበዳይንና የምስክሮችን ደኅንነት መጠበቅ፣ ሕዝብ በፍትሕ ላይ ያለው እምነት እንዳይናጋ ማድረግ ናቸው። እንደ ደንቡ የማስረዳት ሸክሙ በዐቃቤ ሕግ ላይ ይወድቃል። ሆኖም እ.ኤ.አ. በ2019 በወጣው ማሻሻያ፣ በትዳር ወይም በፍቅር ጓደኛው ላይ በፈጸመው የኀይል ድርጊት ቀድሞ የተፈረደበት ሰው በተመሳሳይ ነገር እንደገና ሲከሰስ፣ መለቀቅ የሚገባው መሆኑን ራሱ እንዲያስረዳ ተደርጓል።

በማዋከብ ክስ ብርቱ ክርክር የሚነሣው በሁለተኛው ምክንያት ላይ ነው። ተከሳሹ «ተው» ከተባለ በኋላ ቀጥሏልን? ከዚህ ቀደም የፍርድ ቤት ትእዛዝ ጥሷልን? መሣሪያ አለውን? የዳኛው ሚዛን ቁጣ ሳይሆን ይህን የመሰለ የድርጊት ተከታታይነት ነው።

የካናዳ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2017 በአንቲክ ጉዳይ፣ ተከሳሽ በተቻለ መጠን በቀላሉ ግዴታ እንዲለቀቅና የገንዘብ መያዣ እምብዛም እንዳይጠየቅ አሳስቧል። እ.ኤ.አ. በ2020 በዞራ ጉዳይ ደግሞ፣ እያንዳንዱ ግዴታ ከተጠቀሰው ሥጋት ጋር የተያያዘ መሆን እንዳለበት አስረድቷል። መጠጥ ባልነበረበት ነገር መጠጥ መከልከል ለተበዳይ አይጠቅምም፤ በአንጻሩ ከተበዳይ ጋር እንዳይገናኝ፣ ወደ ተለየው ቤትና መሥሪያ ቤት እንዳይቀርብ፣ የጦር መሣሪያ እንዳይዝ ማዘዝ ሥጋቱን በቀጥታ ይነካል።

እዚህ ላይ የመሐንዲሱ ጥያቄ ይመጣል። እ.ኤ.አ. በ2023 ሕጉ ሲሻሻል፣ በዐቃቤ ሕግ ጠያቂነት ተከሳሹ የኤሌክትሮኒክ መከታተያ እንዲያደርግ ማዘዝ እንደሚቻል በግልጽ ተጽፏል። ነገር ግን መሣሪያው ይናገራል እንጂ አያግድም። ባትሪው ካልተሞላ ዝም ይላል፤ በወፍራም ግድግዳ ውስጥ ምልክቱ ይደክማል። የተከለከለው ክልል 500 ሜትር ቢሆን፣ በሰዓት 50 ኪሎ ሜትር የሚጓዝ መኪና በ36 ሴኮንድ ያቋርጠዋል። በዚህ ጊዜ ውስጥ ፖሊስ ሊደርስ አይችልም። እንግዲያውስ ርቀቱ በልማድ ሳይሆን እርዳታ ለመድረስ በሚፈጀው ጊዜ ተሰልቶ መወሰን አለበት።

በካናዳ ሕግ ዳኛው የተበዳይን ደኅንነት ማገናዘቡን በመዝገብ ላይ ማስፈር አለበት፤ ተበዳይም ሲጠይቅ የትእዛዙ ግልባጭ ይሰጠዋል። ያን ወረቀት ይዞ ወደ ቤቱ ለሚመለስ ሰው ዋጋ ያለው የግዴታዎቹ ብዛት አይደለም። ዋጋ ያለው፣ የትኛው በር፣ የትኛው መንገድ፣ ስንት ሜትር እንደሆነ ተለይቶ መጻፉና ሲጣስ የሚደርስለት መኖሩ ነው።