ክሊፍ ሞርጋን፤ ከአምበልነት ወደ ማይክሮፎን
(በማኅበራችን 10ኛ ዓመት በዓል ላይ የተደረገ ንግግር)



እኛ የካርዲፍ ታክሲ ነጂዎች ራግቢን የምናውቀው መጀመሪያ በሚዘጋብን መንገድ ነው። የጨዋታ ቀን መሐል ከተማው አይታለፍም። ተሳፋሪዎቻችን ግን የጥንቶቹን ተጫዋቾች ስም እየጠሩ ያወሩልናል፤ ከእነዚያ መካከል ስለ ክሊፍ ሞርጋን ጥቂት እንድናወጋችሁ ፍቀዱልን። (ዓመተ ምሕረቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ሞርጋን በ1930 በሮንዳ ሸለቆ፣ ትሬባኖግ በምትባል መንደር፣ ከከሰል ማዕድን ሠራተኛ ቤተሰብ ተወለደ። ለዌልስ 29 ጊዜ ተሰልፏል፤ በ1956 እርሱ አምበል ሆኖ ዌልስ የአምስቱ አገሮች ውድድር አሸናፊ ሆነች። ከዚያ በፊት በ1955 ላየንስ የሚባለው የብሪታንያና የአየርላንድ ምርጥ ቡድን ደቡብ አፍሪካን ጆሃንስበርግ ላይ 23 ለ22 ሲረታ ነጥብ ካስቆጠሩት አንዱ ነበር፤ በሦስተኛው ግጥሚያ ደግሞ ቡድኑን በአምበልነት መርቶ 9 ለ6 አሸንፏል። ያን ጊዜ ጥቁር ሰው ለደቡብ አፍሪካ ብሔራዊ ቡድን መጫወት እንደማይፈቀድለት ሳንጠቅስ ማለፍ ግን አንወድም።

በ1958 መጫወት አቆመ። በዚያ ዘመን ራግቢ ደመወዝ የማይከፈልበት ጨዋታ ስለነበር ይዞት የወጣው ዝናውን ብቻ ነው። በዚያው ዓመት በቢቢሲ ዌልስ የስፖርት ክፍል ተቀጠረ፤ ሥራውንም ከሥር ጀምሮ ተማረ።

እኛን ከሁሉ ይበልጥ የነካን በ1972 የደረሰበት ነው። ገና በ42 ዓመቱ ስትሮክ መታው፤ ግማሽ አካሉ አልታዘዝ አለው፤ አንደበቱም ተያዘ። በወቅቱ ቋሚ ደመወዝተኛ አልነበረም፤ የሚከፈለው በሠራው ልክ ነበር። መሪ ያልጨበጥንበት ቀን ገቢ የሌለበት ቀን መሆኑን ለምናውቀው ለእኛ ይህ ማብራሪያ አያሻውም። መናገርን እንደ ሕፃን እንደገና ተማረ።

ጃንዋሪ 27 ቀን 1973 ባርቤሪያንስ የተባለው ቡድን ከኒው ዚላንድ ጋር እዚሁ ካርዲፍ ተጋጠመ። ጨዋታውን ያስተላልፍ የነበረው ቢል ማክላረን በመታመሙ ሞርጋን ተተካ። ጥቂት ደቂቃዎች እንዳለፉ ፊል ቤኔት ኳሱን በራሱ መስመር አጠገብ አንሥቶ ተቃራኒዎቹን እያታለለ አለፈ፤ ኳሱ ከእጅ ወደ እጅ ተቀባበለ፤ በመጨረሻ ጋሬዝ ኤድዋርድስ በግራ ጥግ ተወርውሮ አስቆጠረ። እኛ ተሳፋሪ ስንጠብቅ ይህን ፊልም በስልካችን ደጋግመን አይተነዋል። ከጎሉ ይልቅ ድምፁን ነው የምናዳምጠው። ባለፈው ዓመት አንዲት ቃል ማውጣት ያቃተው ሰው የሯጮቹን ስም አንድ ባንድ ሳይስት ይጠራል፤ ድምፁም ከሩጫው ጋር እየጋለ ይሄዳል።

ከ1976 እስከ 1987 ቢቢሲ ከስቱዲዮ ውጭ የሚያስተላልፋቸውን ዝግጅቶች መራ፤ የ1981ዱ የልዑል ቻርልስና የዳያና ሠርግ ሥርጭት በእርሱ ክፍል ሥር ነበር። በእርጅናው ዘመን የጉሮሮ ካንሰር ያንኑ ድምፁን ለሁለተኛ ጊዜ ወሰደበት፤ ይህኛው አልተመለሰለትም። በ2013 በ83 ዓመቱ ዐረፈ።