ያልተጠየቀ ሰው

«ስለ አገሬ ነገ እኔን ማን ጠየቀኝ?» ብለህ ታውቃለህ? ስብሰባው ካለቀ በኋላ ነው የምትሰማው። ያማል። «መንፈሳዊ ሰው ይህ አይሰማውም» የሚልህን እኔ አላምነውም።

እስቲ ኤርምያስ 29ን ክፈት። ደብዳቤው የተጻፈው ናቡከደነፆር ከኢየሩሳሌም ማርኮ ባቢሎን ላወረዳቸው ሰዎች ነው። በባቢሎን ጉዳይ ማንም አያማክራቸውም። በዚያው ዘመን ሐናንያ የሚባል ነቢይ ተነሥቶ፣ ምርኮኞቹ በሁለት ዓመት ውስጥ ይመለሳሉ ብሎ ተነበየ። (ሐናንያ ዛሬም አልጠፋም፤ ስልካችን ውስጥ ሞልቷል።) እግዚአብሔር ግን ሰባ ዓመት አለ። ሰባ! ደብዳቤው ሲነበብ ከሰሙት አብዛኞቹ መመለሱን በዓይናቸው አያዩትም ማለት ነው።

ታዲያ ምን አዘዛቸው? ቤት እንዲሠሩ፣ አትክልት እንዲተክሉ፣ ልጆቻቸውን እንዲድሩ፤ የተማረኩባትን ከተማ ሰላም እንዲፈልጉ፣ ስለ እርሷም እንዲጸልዩ። ልብ በል፣ ሥልጣን እስክታገኙ ጠብቁ አላላቸውም። ከእግራቸው በታች ያለው አፈር ነበር፤ ከዚያ አስጀመራቸው።

መብትህን አትጠይቅ እያልኩህ አይደለም። ጳውሎስም ሊገርፉት ሲያስሩት ሮማዊነቱን ተናግሯል። ግን የአንተ አፈር የት ነው? ዕድር አለህ። እህቴ፣ የልጅሽ ትምህርት ቤት ወላጆችን ሲጠራ «ጸሎት አለብኝ» ብለሽ የቀረሽው ስንቴ ነው? እኛ አገልጋዮችም ብንሆን፣ ወጣቱን ሳናማክር ስለ ወጣቱ የምንወስነውን ጌታ ያያል።

የወረዳህን አስተዳዳሪ ስም ታውቀዋለህ? ለሐሜት አይደለም የምጠይቅህ። ዛሬ ማታ ስትንበረከክ በስሙ እንድትጠራው ነው።