ገዳዩ በር ሲያንኳኳ

አዘጋጆቹ የሰጡኝ ርእስ «ጥንታዊና ዘመናዊ የሥነ ምግባር መጻሕፍት» የሚል ነው። ርእሱ ሰፊ ነው። ከአርስቶትል ተነሥቼ መጻሕፍቱን አንድ በአንድ ልቁጠር ብል እናንተ ታንቀላፋላችሁ፤ እኔም ከስም ዝርዝር በቀር የማቀርብላችሁ አይኖረኝም። ስለዚህ ሁሉንም አንድ ጥያቄ ብቻ ልጠይቃቸው ቆርጫለሁ፦ ሰው ቢዋሽ የማይኮነንበት ጊዜ አለ ወይ? ዓመተ ምሕረት ካላልሁ በቀር የምጠራቸው ዓመታት በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ ልንገራችሁና ጥያቄውን ወደ መረጥሁበት ምክንያት ልለፍ።

ተማሪ ሆኜ ባሕር ማዶ ሳለሁ አባቴ ዐረፈ። አልተነገረኝም። ስልክ በደወልሁ ቁጥር «አባባስ?» እላለሁ። እኅቴ አንዴ «ጠበል ሄዷል» ትለኛለች፤ አንዴ «አሁን ገና ጋደም ማለቱ ነው፣ አልቀስቅሰው»፤ አንዴ ደግሞ «ለቅሶ ሊደርስ ወጥቷል» አለችኝ። የመጨረሻዋ ከአፏ እንዴት እንደወጣች እስከ ዛሬ ይገርመኛል። እንዲህ እየተባለ አምስት ወር ሞላ። በአምስተኛው ወር አንድ እሑድ፣ ገና ሳይነጋ፣ በሬ ተንኳኳ። በከተማው የሚኖሩ ያገሬ ሰዎች ናቸው፤ ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀዋል። ማንም ምንም ሳይናገር ሁሉም ገባኝ።

እኅቴ ዋሽታኛለች። በድላኛለች ወይ? ይህን ጥያቄ ይዤ ነው መጻሕፍቱን ማገላበጥ የጀመርሁት።

አርስቶትል ብዙም አልረዳኝም። በኒቆማኮስ ስም በሚጠራው የሥነ ምግባር መጽሐፉ አራተኛ ክፍል ስለ እውነተኛ ሰው ሲናገር የሚያስበው ስለ ራሱ የሚያወራውን ሰው ነው። ጉረኛው የሌለውን አለኝ ይላል፣ ሌላው ያለውን አሳንሶ ያወራል፣ እውነተኛው መካከሉን ይይዛል። «ኧረ እኔ ምን ዐውቄ!» እያልን ላደግን ለእኛ ግን አንዲት ውጋት አለችው፤ ራስን ከልክ በላይ ማሳነስም ጉራ ነው ይላል። ለዚህም የስፓርታውያንን ተራ አለባበስ ይጠቅሳል። ንግግራቸውን «ዕውቀቴ አነስተኛ ቢሆንም» ብለው ለሚጀምሩ ባልደረቦቼ ይህችን ትቼላቸው ልለፍ።

በ395 ግድም አውግስጢኖስ ዛሬ አልጄሪያ በምትባለው አገር ሆኖ ስለ ውሸት አንድ ሙሉ መጽሐፍ ጻፈ። ውሸትን በስምንት ከፈለና ስምንቱንም ከለከለ። ሰውን ከሞት የሚያድነውም ቢሆን አልተፈቀደም። ይህን ያህል ከጨከነ በኋላ ግን አንድ ታሪክ ያነሣል። ፊርሙስ የሚባል የታጋስቴ ኤጲስ ቆጶስ ተሳዳጅ ሰው ሸሽጎ ነበር። የንጉሠ ነገሥቱ ጭፍሮች መጥተው ሰውየውን አምጣ ሲሉት፣ «አልዋሽም፤ የት እንዳለም አልናገርም» አለ። አሠቃዩት፣ ቃሉን አልለወጠም። በመጨረሻ ንጉሠ ነገሥቱ ዘንድ ቀረበና በጽናቱ ተደነቀ፤ ለተሸሸገውም ሰው ምሕረት አስገኘለት። ታሪኩ ደግ ነገሥታት ባሉበት አገር ብቻ የሚሠራ ይመስላል። ሆኖም አንድ ነገር ልብ በሉልኝ፤ ፊርሙስ ላለመዋሸት ሲወስን ዋጋውን የከፈለው በገዛ አካሉ ነው። ወደዚህ እመለሳለሁ።

አሁን ወደ ኮኒግስበርግ እንሻገር። ኢማኑኤል ካንት የሥነ ምግባርን መሠረት ያኖረበትን ትንሽዬ መጽሐፍ ያሳተመው በ1785 ነው። ሐሳቡ ሲጨመቅ፣ የምትሠራበት ደንብ ለሰው ሁሉ ሕግ ሊሆን የሚችል መሆኑን መርምር፤ ሰውንም መሣሪያ ብቻ አታድርገው የሚል ነው። ከዐሥራ ሁለት ዓመት በኋላ ቤንጃሚን ኮንስታን የተባለ ጸሐፊ ገዳዩን በር ላይ አቆመበት። ወዳጅህ ከገዳይ ሸሽቶ ቤትህ ገብቷል፤ ገዳዩ አንኳኩቶ «እዚህ አለ ወይ?» ይልሃል፤ ምን ትመልሳለህ?

የሰባ ሦስት ዓመቱ ሽማግሌ በ1797 አጭር ጽሑፍ አውጥቶ መለሰ። አለ ወይም የለም ከማለት ሌላ መውጫ ከሌለህ መዋሸት አይፈቀድልህም አለ። ምክንያቱንም ደረደረ። «የለም» ብለህ ወዳጅህ ሳታውቅ በጓሮ ወጥቶ ኖሮ ገዳዩ መንገድ ላይ ቢያገኘው፣ ለሞቱ ተጠያቂ አንተ ነህ። እውነቱን ብትናገር ግን ምናልባት ጎረቤት ደርሶ ገዳዩን ይይዘው ይሆናል።

ይህን ጽሑፍ ለተማሪዎቼ ባስተማርሁ ቁጥር ክፍሉ ጸጥ ይላል። እኛ አገር ይህ የክፍል ውስጥ ምሳሌ ብቻ አይደለምና። በ1969 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የቤት ለቤት አሰሳ ሲካሄድ ስንት እናት ልጇን ደብቃ «የለም» ብላለች። ከእነዚያ እናቶች አንዷ እዚህ አዳራሽ ተቀምጠው ቢሆን የካንትን ጽሑፍ በፊታቸው ለማንበብ አልደፍርም። ስሕተቱ የት ላይ እንደሆነ ያሳየኝ ደግሞ ፊርሙስ ነው። ፊርሙስ የእውነቱን ዋጋ ራሱ ከፈለ። በካንት ጽሑፍ ያለው የቤቱ ጌታ ግን እውነቱን ተናግሮ እጁን ይታጠባል፣ ሒሳቡ የሚወራረደው በወዳጁ አንገት ነው።

ነገሩ በዚህ አያበቃም። ካንት ራሱ ኃይለኛ ሰው በር ላይ ቆሞበት ያውቃል። በ1793 ስለ ሃይማኖት ባሳተመው መጽሐፍ የፕሩሲያው ንጉሥ ፍሬድሪክ ዊልሄልም ዳግማዊ ተቆጥቶ፣ በ1794 የተግሣጽ ደብዳቤ ጻፈለት። ካንትም «የግርማዊነትዎ ታማኝ ተገዢ እንደመሆኔ» ስለ ሃይማኖት ዳግመኛ አላስተምርም፣ አልጽፍምም ሲል ቃል ገባ። ንጉሡ በ1797 ሞተ። በማግሥቱ ዓመት ካንት ስለ ሃይማኖት ጻፈና ነገሩን ገለጠው፤ ያችን «የግርማዊነትዎ ተገዢ» የምትል ሐረግ ሆን ብሎ መርጧት ኖሯል፤ ቃሉ የሚያስረው ያ ንጉሥ በሕይወት እስካለ ብቻ ነበር።

እንግዲህ ፍረዱ። የቅኔ ቤት ተማሪ ይህን ቢሰማ ስቆ ስሙን ይጠራዋል፤ ሰሙ ታማኝነት፣ ወርቁ «እስክትሞት እጠብቃለሁ» ነው። ውሸትን እስከ ገዳዩ በር ድረስ የከለከለው ሰው ጭንቅ ሲደርስበት ሰምና ወርቅ ተናገረ። አልኮንነውም። ከዚያ በፊት በ1766 ለወዳጁ ለሜንደልሶን በጻፈው ደብዳቤ፣ የሚያምንበትን ሁሉ ለመናገር ድፍረት ባይኖረውም የማያምንበትን ግን እንደማይናገር ነግሮት ነበርና፣ በፊደሉ ቃሉን ጠብቋል። ንጉሡ ግን የተረዳው ካንት ያሰበውን አልነበረም፤ ካንትም ይህን ያውቅ ነበር። ሰውን በእውነተኛ ቃል ማታለል ከውሸት በምን እንደሚሻል እኔ በበኩሌ አልገባኝም።

በዚያ ላይ ጆን ስቱዋርት ሚልን ላክል፤ በአጭሩ፣ ምክንያቱም ሚል ጭንቀት የማያበዛ ሰው ነው። በ1861 በመጽሔት፣ በ1863 በመጽሐፍ ባወጣው «ዩቲሊቴሪያኒዝም» ሁለተኛ ምዕራፍ፣ እውነት መናገር የሰው ልጅ መተማመን ምሰሶ ነው ካለ በኋላ ለየት ያለ ጊዜ እንዳለው ያምናል። ሁለት ምሳሌ ይሰጣል፦ ነገርን ከክፉ አድራጊ መሸሸግና ክፉ ወሬን በጽኑ ከታመመ ሰው መሸሸግ። አንዱ የገዳዩ በር ነው፤ ሌላው ወደ እኅቴ ስልክ ይጠጋል። ነገር ግን እኔ ታምሜ አልነበረም።

ከእነዚህ ሁሉ ልቤን የያዘው በግእዝ የተጻፈ ቀጭን መጽሐፍ ነው፤ «ሐተታ ዘርዓ ያዕቆብ»። በሐተታው እንደሚነገረው ዘርዓ ያዕቆብ በአክሱም መጽሐፍ ሲያስተምር፣ ፈረንጆች እንዲህ ይላሉ፣ ግብጾች እንዲህ ይላሉ ብሎ ያልፍ ነበር እንጂ ይህ ይሻላል ብሎ አይፈርድም። ሱስንዮስ የካቶሊክን እምነት የተቀበለበት ዘመን ነውና ሁለቱም ወገን ጠላው። ወልደ ዮሐንስ የሚባል ሰው ለንጉሡ ከሰሰው፤ እርሱም ዳዊቱን ይዞ ሸሸና በተከዜ በረሃ ዋሻ ውስጥ ሁለት ዓመት ቆየ። ኋላ እንፍራዝ ወርዶ ሀብቱ የሚባል ባለጸጋ ቤት መጽሐፍ እየጻፈ ኖረ፣ ሂሩት የምትባል ሴት አገባ። በእርጅናው የሀብቱ ልጅ ወልደ ሕይወት ሐሳብህን ጻፍልኝ ስላለው ጻፈለት።

በዚህ መጽሐፍ ውስጥ ከልቡና ምርመራው ይልቅ የማደንቃት አንዲት አጭር ቦታ አለች። ከሰው ጋር ስኖር እንደ እነርሱ ክርስቲያን መስዬ ኖርሁ፣ በልቤ የማምነው ግን ሁሉን በፈጠረው አምላክ ብቻ ነው ይላል። ከዚያ ብዕሩን አያስቀምጥም፤ የማላምነውን እንደማምን እየመሰልሁ ሰውን በማታለሌ በእግዚአብሔር ፊት በደለኛ እሆን ይሆን ብሎ ራሱን ይጠይቃል። መልሱ፣ ሰዎቹ መታለልን ይወዳሉ፤ እውነቱን ብገልጥላቸው ይረግሙኛል፣ ያሳድዱኛል እንጂ አይሰሙኝም የሚል ነው። መልሱን አልወድለትም። መታለል ይወዳሉ ማለት የሁሉም አታላይ ሰበብ ነው። ጥያቄውን ግን እጅ እነሣለሁ። ካንት ስለ ሰው በር በፈረደበት ጽሑፍ ውስጥ የራሱን በር አላነሣም፤ ዘርዓ ያዕቆብ ግን የገዛ ውሸቱን ችሎት ላይ አቆመው፣ ፍርዱ ቢላላበትም።

አንዳንዶቻችሁ አሁን ፈገግ እንዳላችሁ አያለሁ። አዎ፣ መጽሐፉ ራሱ በውሸት ተከሷል። ቅጂውን ለአንትዋን ዳባዲ የላከው ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ የተባለ የካፑቺን ሚሲዮናዊ ነበር። በ1920 ጣሊያናዊው ሊቅ ካርሎ ኮንቲ ሮሲኒ፣ ደራሲው ዘርዓ ያዕቆብ ሳይሆን ጁስቶ ራሱ ነው ሲል ጻፈ። ክሎድ ሰምነር በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ብዙ ዓመት የደከሙበት ኢትዮጵያዊነቱን በማስረዳት ነው። ክርክሩ ዛሬም አልተዘጋም፤ እኔም በዚህ ምሽት አልዘጋውም። ኮንቲ ሮሲኒ ልክ ከሆነ ግን ያቺ ቦታ ምን እንደምትሆን አስቡት። በሌላ ሰው ስም የሚጽፍ ሰው፣ በዚያ ሰው አፍ ሆኖ፣ ሰውን በማታለሌ በደለኛ ነኝ ወይ ብሎ ይጠይቃል ማለት ነው። በሁለቱም መንገድ ጥያቄው የጸሐፊው የራሱ ነው።

ወደ ዘመናችን እንምጣ። በ1978 ሲሴላ ቦክ የምትባል በስዊድን የተወለደች አሜሪካዊት ፈላስፋ ስለ ውሸት አንድ ሙሉ መጽሐፍ አሳተመች። ቦክ ከላይ ወርዳ ሕግ አታወጣም። ሐኪሙን፣ መንግሥትን፣ ጥናት የሚያደርገውን ሰው አንድ በአንድ እያቆመች ትጠይቃለች። ሁለት ነገር አጥብቃ ትይዛለች። አንደኛው፣ ዋሺው የውሸቱን ጥቅም ያገዝፋል፣ ጉዳቱን ያሳንሳል፤ ስለዚህ ነገሩን ከተዋሸው ሰው ወንበር ሆነህ እይ። ሁለተኛው፣ ውሸትህን ልባም ሰዎች ባሉበት አደባባይ ቆመህ ልትሟገትለት ትችላለህ ወይ?

በዚህ ሚዛን የእኅቴን ጉዳይ ላቅርብ። የኛ ቤት ውሸት ለካ አደባባይ ቀርቦ ነበር። ድንኳን ውስጥ ወንድሞቼ፣ አጎቶቼ፣ የነፍስ አባታችን ሳይቀሩ ተቀምጠው «ፈተናውን እስኪጨርስ እንዳትነግሩት» ብለው በአንድ ድምፅ ፈረዱ። መርዶ በሰዓቱ፣ በሰው መሐል፣ በማለዳ ይነገር የሚለው ወጋችን ጥበብ አለው፤ ብቻውን በስልክ ሰምቶ የወደቀ ሰው ዐውቃለሁ። ጉድለቱ፣ በዚያ ሸንጎ ያልተቀመጠው አንድ ሰው እኔ ነበርሁ። ፈተናዬ በሁለተኛው ወር አለቀ። ከዚያ በኋላ ያለው ሦስት ወር ለእኔ ተብሎ አልነበረም፤ «ማን ይንገረው?» እየተባባሉ አንዱ ወደ ሌላው ሲገፋው ነው የዘገየ። በአባቴ አርባ ቀን እኔ የጓደኛዬ ሠርግ ላይ እየጨፈርሁ ነበር። ፎቶግራፉ አለኝ፤ መሐረብ አውለበልባለሁ።

ስለዚህ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ወራት በጆን ስቱዋርት ሚል ሚዛን ይቅር እላለሁ፣ የኋለኛዎቹን ሦስቱን በቦክ ሚዛን አልልም። ፍርዴ ይኸው ነው። ለእኅቴ ይህንኑ ነግሬያታለሁ፤ የዘርዓ ያዕቆብንም ቦታ ተርጉሜ አነበብሁላት። ዝም ብላ ሰማችኝና፣ «እሱስ የዋሸው ለራሱ ነው፤ እኔ ግን ስልኩን ዘግቼ እያንዳንዱን ጊዜ አዲስ ለቅሶ ነበር የምቀመጠው» አለችኝ። የዋጋውን ነገር ከፊርሙስ ተምሬ ለእናንተ የሰበክሁት እኔ፣ የእኅቴን ክፍያ ሳልቆጥር ቀርቼ ኖሯል።

በዚህ አዳራሽ ዱባይ፣ ዋሽንግተን፣ ቴል አቪቭ ወይም ሌላ ሩቅ አገር ልጅ፣ እኅት ወይም ወንድም የሌለው ጥቂት ሰው ነው። እባካችሁ፣ ሁሉም በሕይወትና በጤና ሳለ፣ በሚቀጥለው ስልክ ጠይቋቸው፦ ክፉ ነገር ቢመጣ ወዲያው ይነገራችሁ ወይስ ይቆይላችሁ? እኔ ልጄን ባለፈው ሳምንት ጠይቄዋለሁ። «ወዲያው» ብሎኛል።